የድሮ የኮንሰርት ካሴት እንዴት ይታደሳል? ከዴኩ እስከ ዩቲዩብ፣ ደረጃ በደረጃ

ዩቲዩብ ላይ «በኤችዲ ታድሶ የቀረበ» የሚል የድሮ ኮንሰርት ክፈቱ። ብዙ ጊዜ የሚያጋጥማችሁ ይኼ ነው፦ የድምፃዊው ፊት ሰም የተቀባ ይመስላል። እስክስታ ሲወረድ ትከሻው ኋላው ጭራ ያበቅላል። እልልታው ውኃ ውስጥ ሆኖ የሚሰማ ነው። ያዘጋጀው ሰው አልሰነፈም። ኮምፒውተሩን ቀንና ሌሊት ሲያሠራ ከርሟል። ግን ባይነካው ይሻል ነበር።

ስህተቱ ሁሌም አንድ ዓይነት ነው። ካሴቱ ተቻኩሎ በርካሽ ዕቃ ይቀዳል። ከዚያ የተበላሸውን በኤአይ ለማስመለስ ይሞከራል። ቅጂው ላይ የጠፋ ነገር ግን ተመልሶ አይመጣም። ስለዚህ እዚህ ብዙውን የማወራው ስለ ቅጂው ነው።

መመሪያው ለቪኤችኤስ የቪዲዮ ካሴት ነው። በ35 ሚሊሜትር ፊልም የተቀረጸ ኮንሰርት ሌላ ጉዳይ ነው፤ ኔጋቲቩ በፎርኬ ስካን ሲደረግ ድሮ ያልታየ ዝርዝር ይወጣለታል። ቪኤችኤስ የተደበቀ ዝርዝር የለውም። ወደ ጎን ሲለካ 240 መስመር ገደማ ነው፣ አለቀ። ሥራችን ያችኑ ሳናባክን ማውጣት ነው።

## ደረጃ 1፦ ካሴቱን እወቁት

የት ተቀረጸ?

አሜሪካ የተቀረጸ ካሴት ኤንቲኤስሲ በተባለው የቪዲዮ ሥርዓት ነው፦ በሰከንድ 29.97 ፍሬም፣ ከላይ ወደ ታች 525 መስመር። ኢትዮጵያ፣ እስራኤልና አብዛኛው አውሮፓ የተቀረጸው ፓል ነው፦ 25 ፍሬም፣ 625 መስመር። የዋሽንግተን ኮንሰርት አዲስ አበባ ካለ ሰው እጅ ካገኛችሁ ወይ ራሱ ኤንቲኤስሲው ነው፣ ወይ አንድ ቪዲዮ ቤት ወደ ፓል ቀይሮ ያባዛው ነው።

የተቀየረውን እንዲህ ትለዩታላችሁ። ጥቂት ሰከንድ ቅዱና ዲኢንተርሌስ አድርጉት (አንድ ፍሬም ውስጥ የተጠላለፉትን ሁለት ግማሽ ምስሎች መለየት ነው፤ ደረጃ 5)። ከዚያ ፍሬም በፍሬም ሂዱ። የድራመሩ ዱላ አየር ላይ ሁለት ሆኖ፣ አንዱ ደብዝዞ ከታየ ቅጂው ሲቀየር ፍሬሞቹ ተደባልቀዋል። ይህን ሙሉ በሙሉ የሚያስተካክል ሶፍትዌር አታገኙም። ሌላ ሥራ ከመጀመራችሁ በፊት ዋናውን አፈላልጉ፤ ዘመድ ጠይቁ፣ ቀራጩን ጠይቁ። ለዋናው አንድ ትውልድ የቀረበ ቅጂ ማግኘት ከየትኛውም ፊልተር ይበልጣል።

ጤናውን እዩ

የካሴቱን መስኮት ወደ ብርሃን አዙራችሁ እዩ። በተጠቀለለው ክር ጠርዝ ላይ ነጭ ዱቄት ወይም የሸረሪት ድር የመሰለ ነገር ካለ ሻጋታ ነው። ዴክ (የካሴት ማጫወቻ) ውስጥ አታስገቡት። ሻጋታው ሄዱ (ክሩን የሚያነበው ክፍል) ላይ ይቀራል፣ ከዚያ ቀጥላችሁ በምታስገቡት ካሴት ሁሉ ላይ ይጋባል። እንዲህ ያለው የባለሙያ ሥራ ነው። «ምድጃ ውስጥ አሙቁት» የሚል ምክር ከሰማችሁ እለፉት፤ ያ ለሌላ ዓይነት ክር፣ በሚቆጣጠሩት ሙቀት የሚሠራ ነገር ነው።

ደህና ከሆነ፦

1. በካሴቱ ጀርባ ጠርዝ ላይ ያለችውን ትንሽ የፕላስቲክ ጥርስ ስበሯት። ከተሰበረች ዴኩ በስህተት በላዩ ላይ አይቀዳም።
2. ከብርድ ቦታ ከመጣ ክፍሉ ውስጥ አንድ ቀን አሳድሩት።
3. ሳታጫውቱት እስከ መጨረሻው አሳልፉና ወደ መጀመሪያው መልሱት። ለዓመታት የተጣበቀው ክር ይላቀቃል፣ ውጥረቱም ይስተካከላል።

## ደረጃ 2፦ ዕቃውን አሟሉ

ዴክ። ካሴቱ ተራ ቪኤችኤስ ቢሆንም የኤስ-ቪኤችኤስ ዴክ ፈልጉ። ጥቅሙ ሁለት ነው። ኤስ-ቪዲዮ መውጫ አለው፤ ብርሃኑና ቀለሙ በየራሳቸው መንገድ ይወጣሉ። ደህናዎቹ ደግሞ ውስጣቸው ቲቢሲ አለ፤ የእያንዳንዱን መስመር ጊዜ የሚያስተካክል ክፍል ነው። ያለ እሱ የማይክሮፎኑ ዘንግ ቀጥ ብሎ አይቆምም፣ ይወዛወዛል። ለኤንቲኤስሲ የፓናሶኒክ ኤጂ-1980 የታወቀ ነው። እንዲህ ያለ ዴክ ካጣችሁ የፓናሶኒክ ዲኤምአር-ኢኤስ10 ወይም ኢኤስ15 የተባለ የዲቪዲ መቅጃ ፈልጉ። መቅጃውን ለመቅዳት አይደለም የምትፈልጉት። በዴኩና በኮምፒውተሩ መሃል አድርጋችሁ ምስሉን በውስጡ ታሳልፉታላችሁ፣ የሚወዛወዘው መስመር ይቃናል።

ማስጠንቀቂያ፦ ከአሜሪካ የመጣ ዴክ 120 ቮልት ነው። አዲስ አበባ ላይ ቀጥታ 220 ግድግዳ ላይ ከሰካችሁት በአንዴ ተቃጠለ። ጀርባው ላይ የተጻፈውን አንብቡ። ወደ 110–120 ቮልት የሚያወርድ ትራንስፎርመር ከሌላችሁ አትንኩት።

መቅጃ ዕቃ። ኤስ-ቪዲዮ የሚቀበል የዩኤስቢ መቅጃ ይበቃል። በጭራሽ የማትጠቀሙበት ግን አለ፦ ቢጫ፣ ነጭና ቀይ ገመድ ገብቶ ኤችዲኤምአይ የሚወጣበት ትንሽ ሳጥን። ሱቅ ሁሉ ይሸጠዋል፣ ርካሽ ነው፣ ምስሉም ቴሌቪዥን ላይ ደህና ይመስላል። ውስጡ ግን ምስሉን በመጥፎ ዘዴ ዲኢንተርሌስ አድርጎ ወደ 720 ወይም 1080 ይለጥጠዋል። የሰም ፊት የሚጀምረው እዚህ ነው።

ቦታ። በማያባክን ቅርጸት አንድ ሰዓት ከ30 እስከ 40 ጊጋባይት ይፈጃል። የሁለት ሰዓት ኮንሰርት ከነሥራው ከፈለጋችሁ ግማሽ ቴራባይት ነፃ ቦታ ይኑራችሁ።

ዩፒኤስ። መብራት የሚሄድበት አገር ላይ ይህ ቅንጦት አይደለም። ክሩ ሄዱ ላይ ተጠምጥሞ እያለ መብራት ከጠፋ ካሴቱ እዚያው ተወጥሮ ይቀራል። ፋይሉም ሳይዘጋ ይበላሻል። ዴኩንና ኮምፒውተሩን ዩፒኤስ ላይ ስኩ። ቀረጻውንም እየከፋፈላችሁ አስቀምጡ፤ የምንቀዳበት ፕሮግራም፣ ቨርቹዋልደብ፣ በፋይል መጠን እየከፋፈለ ይቀዳል።

## ደረጃ 3፦ ቅዱት

መጀመሪያ ሄዱን አጽዱ። 99 በመቶ አልኮልና የማይበታተን ጨርቅ ተጠቀሙ። የጆሮ ጥጥ አይሆንም፣ ቃጫው ይቀራል። ጨርቁን በሄዱ ላይ ያዙና ሄዱ ያለበትን የሚሽከረከር ከበሮ በእጃችሁ ወደ ጎን አዙሩ። ወደ ላይና ወደ ታች አትፈትጉ፤ ሄዱ ይሰበራል። ቀጥሎ ዋጋ የሌለው ካሴት አስገብታችሁ አጫውቱ። ዴኩ ካሴት የሚበላ ከሆነ ያንን ይብላ።

ሴቲንግ

1. ሶፍትዌር፦ ቨርቹዋልደብ። ኦቢኤስን ለዚህ አትጠቀሙ፤ የተሠራው ለቀጥታ ስርጭት ነው፣ ኢንተርሌስ ምስልን እንዳለ አያስቀምጥም።
2. መጠን፦ ለኤንቲኤስሲ 720 በ480፣ ለፓል 720 በ576። ሌላ ቁጥር አትምረጡ።
3. ፍሬም፦ 29.97 ወይም 25። «30» የሚለውን አትንኩ።
4. ቅርጸት፦ ሃፍዩቭ ወይም ላጋሪት። ሁለቱም ምንም አይጥሉም።
5. ድምፅ፦ 48 ኪሎሄርዝ፣ ያልታመቀ። 44.1 ከመረጣችሁ፣ በኋላ ድምፁና ምስሉ የማይገጥሙበት ምክንያት አንዱ ይሆንባችኋል።

ብርሃኑን ለኩ

ሰው ሁሉ የሚዘለው ይህን ነው። የኮንሰርቱን በጣም ነጭ ቦታ ፈልጉ። በእኛ ኮንሰርት ችግር የለውም፤ ሐበሻ ቀሚስ የለበሰች ተወዛዋዥ ፊት ለፊት መብራት የበራባትን ፈልጉ። ቨርቹዋልደብ ላይ ሂስቶግራሙን (የብርሃን መጠን የሚያሳየውን ግራፍ) ክፈቱና ያንን ቦታ አጫውቱ። የቀሚሱ ነጭ ቀኝ ጠርዝ ላይ ቀይ ውስጥ ከገባ ኮንትራስቱን ዝቅ አድርጉ። የጨርቁ እጥፋት እስኪታይ ድረስ አውርዱ። ምስሉ ትንሽ የደበዘዘ ይመስላችኋል፣ አትደንግጡ፣ በኋላ ይስተካከላል። እጥፋቱ ቅጂው ላይ ከጠፋ ግን ነጭ ወረቀት ሆኖ ይቀራል።

ድምፁን ሁለት ጊዜ ቅዱ

ቪኤችኤስ ላይ ሁለት ዓይነት ድምፅ ሊኖር ይችላል። አንደኛው በክሩ ጠርዝ ላይ የሚሄደው ሊኒየር ነው፤ ከ10 ኪሎሄርዝ በላይ ብዙ የለውም፣ ሹክሹክታውም («ሽሽሽ» የሚለው) ይበዛል። ሁለተኛው ሃይፋይ ነው፤ ከምስሉ ጋር በሚሽከረከረው ሄድ የተጻፈ፣ ለሲዲ የቀረበ። ሃይፋዩ ቢበላሽ «ብዝዝ» እያለ ይቆራረጣል።

ስለዚህ ካሴቱን ሁለት ጊዜ አጫውቱ። አንዴ ሪሞቱ ላይ ሃይፋይ መርጣችሁ፣ አንዴ «ኖርማል» መርጣችሁ። «ሚክስ» የሚለውን ተዉት፤ ሁለቱን ያዳቅላል። ሃይፋዩ በተቆረጠበት ቦታ ከሊኒየሩ ትለጥፋላችሁ።

ሲበላሽስ?

- *ከታች ወይም ከላይ የሚዘል የጩኸት (የሚርመሰመስ ነጠብጣብ) መስመር፦* ትራኪንጉን (ሄዱ ክሩን የሚከተልበትን ማስተካከያ) በእጃችሁ አስተካክሉ። አውቶማቲኩ የሃይፋይ ድምፁን ሊረሳው ስለሚችል በጆሮም እየሰማችሁ አስተካክሉ።
- *የምስሉ አናት ወደ ጎን መታጠፍ፦* ቲቢሲ ያስፈልጋል። በሶፍትዌር አይድንም።
- *የተጣሉ ፍሬሞች ብዛት እየጨመረ፦* ሌሎች ፕሮግራሞችን ዝጉ፣ ወደ ውስጠኛው ዲስክ ቅዱ። ካልቆመ ጥፋቱ የሚወዛወዘው ሲግናል ነው፤ ምስሉን ከላይ በተባለው መቅጃ አሳልፉት። ፍሬም እየጣለ የተቀዳ ፋይል ይዛችሁ አትቀጥሉ። ሦስተኛው ዘፈን ላይ ከንፈርና ድምፅ ይለያያሉ።
- *ጥልቅ «ሁም» ድምፅ፦* ካሴቱን አቁሙት። ድምፁ ከቀጠለ ካሴቱ ላይ የለም፣ ከገመዳችሁ ነው። ላፕቶፑን ከቻርጀር ነቅላችሁ በባትሪ ሞክሩ። ሁሉንም ዕቃ አንድ ማከፋፈያ ላይ ስኩ።

## ደረጃ 4፦ የሙከራ ቁራጭ ቁረጡ

ሙሉውን ኮንሰርት ፊልተር ላይ ጥላችሁ አትተኙ። መጀመሪያ ከ20 እስከ 30 ሰከንድ የሆኑ አራት ቁራጮች አውጡ፦

- እስክስታ የሚወረድበት፣
- የድምፃዊው ፊት በቅርበት የሚታይበት፣
- የመድረኩ መብራት ድንገት ቀለም የሚቀይርበት፣
- የአማርኛ ጽሑፍ ያለበት ባነር ወይም የጥበብ ጥለት የሚታይበት።

ከዚህ በኋላ የሚመጣ ሴቲንግ ሁሉ እነዚህ ላይ ይፈተናል። አራቱንም ካላለፈ ወደ ሙሉው ፋይል አይሄድም።

## ደረጃ 5፦ ዲኢንተርሌስ

የቪኤችኤስ አንድ ፍሬም ውስጥ በተለያየ ቅጽበት የተነሱ ሁለት ግማሽ ምስሎች አሉ፤ አንዱ በጎዶሎ ቁጥር መስመሮች (1፣ 3፣ 5…)፣ አንዱ በሙሉ ቁጥር መስመሮች (2፣ 4፣ 6…)። ኮምፒውተር ላይ እንቅስቃሴው ማበጠሪያ የሚመስለው ለዚህ ነው። እነዚህን ለያይቶ እያንዳንዱን ሙሉ ምስል ማድረግ ነው ሥራው።

1. ሃይብሪድ የተባለውን ነፃ ፕሮግራም ጫኑ።
2. ዲኢንተርሌስ ውስጥ ኪውቲጂኤምሲን ምረጡ። ፕሪሴቱን «ስሎው» ላይ አድርጉ።
3. ውጤቱ 59.94 ፍሬም (ለፓል 50) መሆኑን አረጋግጡ። ቦብ የሚለው ምርጫ ይብራ፤ ከአንድ ፍሬም ሁለት የሚያወጣው እሱ ነው።
4. የፊልድ ቅደም ተከተሉን ምረጡ። ከመቅጃ ዕቃ የመጣ ፋይል አብዛኛውን ጊዜ የላይኛው ይቀድማል። በዲቪ ካሜራ በኩል የገባ ከሆነ የታችኛው ይቀድማል።

ቅደም ተከተሉ መሳሳቱን በአንድ ነገር ታውቃላችሁ። ፍሬም በፍሬም ሲሄድ የተወዛዋዡ ትከሻ አንድ ወደፊት፣ አንድ ወደኋላ፣ አንድ ወደፊት ይላል። ያኔ ሌላውን ምረጡ።

አንዳንዱ «29.97 ይበቃል» ይላል። ለውይይት ፕሮግራም ይበቃ ይሆናል። ለእስክስታ አይበቃም። ግማሹን እንቅስቃሴ ትጥላላችሁ፤ ትከሻው መንቀጥቀጡን ትቶ መዝለል ይጀምራል።

ሃይብሪድ ከበዳችሁ ሃንድብሬክ ላይ «ቦብ» የሚለው አማራጭ አለ። እንደ ኪውቲጂኤምሲ አይሆንም፣ ግን አያሳፍርም።

## ደረጃ 6፦ ምስሉን አጽዱ፣ ግን በልክ

የጩኸት ማጥፊያ ፊልተር ፍሬሞችን ያወዳድራል። የማይንቀሳቀስ ነገር እውነተኛ ነው፣ የሚንቀጠቀጥ ነገር ጩኸት ነው ብሎ ያስባል። እስክስታ ለእሱ ጩኸት ነው። የጥበቡ ወርቃማ ክር መብራት ላይ ሲያብለጨልጭም ጩኸት ነው። ኃይሉን ስትጨምሩ የሚጠፋው መጀመሪያ እነሱ ናቸው።

መፍትሔው ብርሃኑንና ቀለሙን ለያይቶ መያዝ ነው።

1. ቀለሙ ላይ ጠንከር በሉ። ቪኤችኤስ የቀለም ዝርዝር ድሮም የለውም፣ ወደ ጎን 40 መስመር ያህል ነው። ቀይ መብራት ላይ የሚርመሰመሰውን ቀለም በደንብ ብታለሰልሱት ምንም አይጎድልም።
2. ብርሃኑ ላይ እጃችሁን ሰብስቡ። ዝቅተኛውን ቁጥር ያዙ። የእስክስታውን ቁራጭ አጫውቱ፤ ከትከሻው ኋላ ጥላ ካያችሁ ቀንሱ። መድረኩ ጨለማ ቦታ ላይ ትንሽ አሸዋ ይቅር። ሰው በአሸዋ አይናደድም።
3. ቀለሙን ወደ ቦታው መልሱ። ደጋግሞ የተባዛ ካሴት ላይ ቀዩ ሸሚዝ ከሰውየው ወጥቶ ወደ ቀኝና ወደ ታች ይፈሳል። ቀለሙን ብቻ ለይቶ የሚገፋ ፊልተር አለ። በ2 ፒክስል እየገፋችሁ ከጠርዙ ጋር አግጥሙ።
4. ከታች ያለውን የተቀደደ መስመር ሸፍኑ። እያንዳንዱ ቪኤችኤስ ግርጌው ላይ ጥቂት የተዘበራረቁ መስመሮች አሉት። በጥቁር ሸፍኑት። እሱን ለመደበቅ ብላችሁ ሙሉውን ምስል አትለጥጡ።

«ሻርፕ» የሚለውን አሁን አትንኩ። ምናልባት በመጨረሻ፣ በጣም በትንሹ። የሰው ጠርዝ ላይ ነጭ መስመር ካያችሁ አልፏል።

## ደረጃ 7፦ ቀለሙን አስተካክሉ

ነፃው ዳቪንቺ ሪዞልቭ ይበቃል። ፋይሉን ከማስገባታችሁ *በፊት* የታይምላይኑን ፍሬም 59.94 (ወይም 50) አድርጉ። ቪዲዮ ከገባ በኋላ አይቀየርም፣ ሥራውን እንደገና ትጀምራላችሁ።

ነጭን ለመለካት ነጠላ ላይ ጠቅ ማድረግ የተለመደ ነው። ተጠንቀቁ፦ ሰማያዊ መብራት ውስጥ ያለ ነጠላ ነጭ አይደለም። በእሱ ከለካችሁ የሰው ፊት ብርቱካን ይሆናል። የመድረክ መሪው ወጥቶ የሚያስተዋውቅበትን፣ አዳራሹ በተራ መብራት የታየበትን ቦታ ፈልጉና በዚያ ለኩ። ያንኑ ሴቲንግ ለሙሉው ኮንሰርት ስጡ። ቀዩ መብራት ቀይ ይሁን፤ መብራት ባለሙያው አስቦበት ነው ያበራው።

ፊት ከጠቆረ መካከለኛውን ብርሃን ከፍ አድርጉ። ጥቁሩን ከፍ ካደረጋችሁ መጋረጃው ግራጫ ይሆናል፣ የተኛው ጩኸትም ይነሳል።

## ደረጃ 8፦ ድምፁን ሥሩ

ሰው ደብዛዛ ምስል ይታገሣል። የሚያንቋርር ድምፅ ግን አንድ ዘፈን አያስጨርስም። ጊዜያችሁን እዚህ ላይ አውሉት።

የሚክሰር ካሴት ካለ

አንዳንድ ጊዜ ቪዲዮው ከአዳራሹ መሃል ተቀርጾ፣ ድምፁ ለብቻው ከሚክሰሩ በተራ ካሴት ተይዟል። ካገኛችሁት ዕድለኛ ናችሁ። አገጣጠሙ እንዲህ ነው፦

1. ካሴቱን በ48 ኪሎሄርዝ፣ በ24 ቢት ቅዱ። ሲጫወት ከታፈነ የቴፑ ሄድ ማዕዘን አልገጠመም። ከሄዱ አጠገብ ያለችውን ትንሽ ብሎን በጣም በዝግታ አዙሩ፣ ሲምባሉ ጥርት ሲል አቁሙ። በሰው ቴፕ ላይ ግን ይህን አታድርጉ።
2. ከቪዲዮው ድምፅ ጋር ከመጀመሪያው የድራም ምት ላይ አግጥሙ።
3. አሥር ደቂቃ ቆይታችሁ እዩ። ይለያያል። የካሴት ፍጥነት ዴክ በዴክ ይለያያልና። ኦዳሲቲ ላይ ፍጥነትና ቃና አብሮ የሚቀይረውን ምረጡ፤ ቃናውን ሳይነካ ጊዜ ብቻ የሚለጥጠውን አይደለም።
4. በአንድ ቁጥር ሙሉውን አትጎትቱ። በዘፈን መሃል ባለው ጭብጨባ ላይ እየቆረጣችሁ ለየብቻ አግጥሙ።

ቃናው ትክክል መሆኑን ማወቅ ትፈልጋላችሁ? መድረኩ ላይ ኪቦርድ ካለ ቀላል ነው። ኪቦርድ ከፋብሪካ ሲወጣ 440 ሄርዝ ላይ የተቃኘ ነው። ስልካችሁ ላይ ያለ መቃኛ ከፍታችሁ የተያዘ ኮርድ ላይ ለኩ። ክራርና ማሲንቆ ለድምፃዊው እየተቃኙ ስለሚወጡ ለዚህ አይሆኑም።

የማጽዳቱ ቅደም ተከተል

ተራውን አትቀያይሩ።

1. የተሰበረ ከፍታ። ማይኩ ሞልቶ የተቆረጠበትን በ«ክሊፕ ፊክስ» ጠግኑ። ይህ ቀድሞ መሠራት አለበት፤ ሌላ ፊልተር ካለፈበት በኋላ ፕሮግራሙ የተቆረጠውን አያገኘውም።
2. ሁም። አሜሪካ የተቀረጸ 60 ሄርዝ ነው፣ ከዚያ 120ና 180። ኢትዮጵያ፣ እስራኤልና አውሮፓ 50 ነው፣ ከዚያ 100ና 150። ባሕረ ሰላጤው ላይ ይለያያል፤ ኤሚሬትስ 50፣ ሳውዲ 60። የዋሽንግተን ካሴት አዲስ አበባ ላይ ቀድታችሁ ሁለቱም ከተሰሙ 50ው የእናንተ ነው፣ ወደ ደረጃ 3 ተመለሱ። ኖቹን (አንድን ሄርዝ ለይቶ የሚቀንሰውን ፊልተር) ጠባብ አድርጉ፣ ቤዝ ጊታሩም እዚያው ሰፈር ነው።
3. ፉጨት። የካሜራው ወይም የቴሌቪዥኑ ቀጭን ፉጨት ኤንቲኤስሲ ላይ 15,734፣ ፓል ላይ 15,625 ሄርዝ ነው። በአንድ ጠባብ ኖች ይሄዳል።
4. ሹክሹክታ። ሕዝቡ ዝም ያለበትን አንድ ሰከንድ ለናሙና ያዙ። ቅነሳውን 6 ዴሲቤል ላይ አድርጉ፣ ከዚያ አትለፉ። አሁን ኦዳሲቲ ላይ «ሬዚዱ» የሚለውን ምረጡና የሚወገደውን ብቻ ስሙ። «ሽሽሽ» ብቻ ከሆነ ጥሩ። እልልታ ከሰማችሁ፣ የማሲንቆው የጭራ ድምፅ ከተሰማ፣ የድምፃዊዋ «ስ» እና «ሽ» ካለ በዝቷል። ቀንሱ።
5. ኢኪው (የወፍራምና የቀጭን ድምፅ ማመጣጠኛ)። ከ40 ሄርዝ በታች ቁረጡ። 300 ሄርዝ አካባቢ ያለውን መታፈን 2 ወይም 3 ዴሲቤል ቀንሱ። ከ2 እስከ 4 ኪሎሄርዝ ትንሽ ብትጨምሩ ግጥሙ ይሰማል። ሊኒየር ድምፅ ላይ ከ10 ኪሎሄርዝ በላይ አትጨምሩ፤ የሚወጣው ሹክሹክታ ብቻ ነው።

የማትጠቀሙበት፦ ለንግግር የተሠራ የኤአይ ድምፅ ማጽጃ። በአንድ ቁልፍ ይሠራል፣ ያጓጓል። ሙዚቃን ግን እንደ ቆሻሻ ነው የሚያየው። ባንዱን ጠርጎ ድምፃዊውን ባዶ አዳራሽ ውስጥ ያስቀርባችኋል።

በጥንቃቄ የምትጠቀሙበት፦ ድምፅን ከሙዚቃ የሚለያይ፣ ለምሳሌ አልቲሜት ቮካል ሪሙቨር። ድራሙ ድምፃዊውን ከዋጠው ለያዩት፣ ድምፁን 2 ዴሲቤል ከፍ አድርጉ፣ መልሳችሁ ደባልቁት። ለየብቻ አታስተካክሉ። እልልታው ብዙ ጊዜ ከድምፃዊው ጋር ስለሚወጣ አብሮ ይጨምራል፤ እሱን ብቻ በቦታው ዝቅ አድርጉ።

የመጨረሻ ከፍታ። ዩቲዩብ ከ−14 ኤልዩኤፍኤስ (የድምፅ ከፍታ መለኪያ) የሚበልጠውን ዝቅ ያደርጋል። ዝቅ ያለውን ግን ከፍ አያደርግም። −14 ለመድረስ ሊሚተሩ (ከፍታን የሚገድበው ፊልተር) ድራሙን እየደፈጠጠ ከሆነ −16 ላይ ተዉት። ጫፉ ከ−1 ዴሲቤል አይለፍ።

## ደረጃ 9፦ ማሳደግ

የቪኤችኤስ ምስል 4 ለ 3 ነው። 1440 በ1080 አድርጉት፣ ግራና ቀኙ ጥቁር ይሁን። ቴሌቪዥኑን ለመሙላት ወደ ጎን አትለጥጡት፤ ሁሉም ሰው በአንድ ሌሊት ይወፍራል።

ተራው የሪዞልቭ ማሳደጊያ ይበቃል። ኤአይ መሞከር ካማራችሁ የባነሩን ቁራጭ ስጡት። ፊደላችንን በደንብ ስለማያውቀው «ሀ»ን ወደ ምንም የማይነበብ ቅርጽ ሲቀይረው ታያላችሁ። ፊደሉን የሚፈጥር ከሆነ ከኋላ የቆመውን የሳክስፎን ተጫዋች ፊትም ፈጥሮለታል ማለት ነው። ቅርብ ፊት ላይ ደህና ቢመስል እንኳ ከዋናው ጋር ግማሽ በግማሽ አደባልቁት።

## ደረጃ 10፦ አውጡና ስቀሉ

1. ድምፅና ምስል መግጠሙን ሦስት ቦታ እዩ፦ መጀመሪያ፣ መሃል፣ መጨረሻ። የምታዩት የድራም ዱላ ይሁን፤ ከንፈር ያታልላል።
2. ለማኅደር፦ ከዴኩ የወጣውን ያልተነካ ፋይል በኤፍኤፍቪ1 (ምንም በማይጥል ቅርጸት) አስቀምጡ። አንዱን ቅጂ ከቤታችሁ ውጪ፣ ሌላ ሰው ዘንድ አኑሩ። የተሻለ መሣሪያ ሲመጣ የምትመለሱት ወደ እሱ ነው።
3. ለዩቲዩብ፦ ኤች.264፣ ሲአርኤፍ (የጥራት ቁጥር) 17፣ 59.94 ወይም 50 ፍሬም።
4. ፈቃድ፦ ካሴቱ የእናንተ ስለሆነ ብቻ ዘፈኑ የእናንተ አይሆንም። ኢትዮጵያ ውስጥ አዋጅ 410/1996 የደራሲውንም የከዋኙንም መብት ይጠብቃል። ድምፃዊውን ወይም ቤተሰቡን ሳታናግሩ አትስቀሉ። የዩቲዩብ ሥርዓትም ዘፈኑን ለይቶ ሊያግድባችሁ ይችላል፣ ያን ጊዜ የሥራችሁ ድካም አይቆጠርላችሁም።

እንደሰቀላችሁ ወዲያው ከፍታችሁ «ተበላሸ» አትበሉ። ዩቲዩብ መጀመሪያ የሚያወጣው 360ውን ነው። 1080 በ60 (ለፓል በ50) የሚለው ምርጫ እስኪመጣ ጠብቁና የእስክስታውን ቦታ እዩ። እዚያም ትከሻው ጭራ ካለው ችግሩ ደረጃ 6 ላይ ነው፤ ብርሃኑ ላይ ያለውን ፊልተር አጥፉና ያንን ደረጃ ብቻ ድገሙት።